ቀንድ አውጣው ቁርሱን በላ?

ዓርብ ማታ ነበር። የመጀመሪያውን ጥያቄ ግሩፑ ላይ ለጠፍኩና ስልኬን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጥኩ። ወዲያው መልሼ አነሳሁት። አናቱ ላይ «63 ኦንላይን» ይላል። 63 ሰው ቁጭ ብሎ ያያል፣ የሚጽፍ ግን የለም። አንድ ደቂቃ አለፈ። ሁለት። በመጨረሻ «እየጻፈ ነው» የሚለው ብቅ ሲል ልቤ ዘለለ። ሰውዬው ጻፈ፣ አጠፋ፣ እንደገና ጻፈ። የመጣው መልእክት ይሄ ነው፦ «ሰላም ቤቶች፣ ያገለገለ ላፕቶፕ የሚሸጥ አለ?»

በቻት ግሩፕ ጨዋታ ማጫወት የጀመርኩት እንዲህ ነው።

ግሩፑ ቴሌግራም ላይ ነው፣ ወደ 400 የምንጠጋ ሰዎች አለን። ሲከፈት ስለ መጻሕፍት ለመወያየት ነበር አሉ። እኔ ስገባ ውይይቱ ደርቆ የቀረው ጠዋት ጠዋት የሚላክ የአበባ ስቲከር ብቻ ነበር። አንድ ቀን «ለምን ጨዋታ ነገር አንጀምርም?» ብዬ አፌን ከፈትኩ። ሐሳብ ያመጣ ሰው ሥራውም የሱ ነው። አድሚኑ በሁለት ደቂቃ ውስጥ መብቱን ሰጥቶኝ ተሰወረ።

ለመጀመሪያው ዓርብ 30 ጥያቄ አዘጋጅቼ ነበር። በየጥያቄው መሀል የምወረውራቸው ቀልዶችም ነበሩኝ፤ ደብተር ላይ ጽፌ፣ ቁጥር ሰጥቼ። ቀልድ ቁጥር 4ን ሳስታውስ እስካሁን ፊቴን የምደብቅበት ይጠፋኛል። አንድ ልጅ ከ30ው 26ቱን ብቻውን መለሰ። ሌላው ዝም ብሎ ያያል። ፈተና እንጂ ጨዋታ አልነበረም፤ እኔም ፈታኟ ነበርኩ። ፈታኝ ደግሞ ቢቀልድም የሚስቅለት የለም።

በሁለተኛው ሳምንት ተረትና ምሳሌን በኢሞጂ ማስገመት ሞከርኩ። ቀንድ አውጣ፣ እንቁላል፣ እግር። ሦስት ምስል። ከዚህ የቀለለ የለም ብዬ ነው የመረጥኩት። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ማለት የሚያቅተው ሰው ይኖራል ብዬ አላሰብኩም። አንዱ ቀድሞ መለሰ፦

«ቀንድ አውጣ ቁርሱን ሊበላ በእግሩ ሄደ።»

እየቀለደ አልነበረም። ቀጥሎ የጻፈው «ይሄ ግን የየት አገር ተረት ነው? ሰምቼው አላውቅም» የሚል ነው።

ግሩፑ በሳቅ ፈረሰ። ከገቡ ጀምሮ አንድ ቃል ጽፈው የማያውቁ ሰዎች ብቅ ብቅ አሉ። አንዷ «ቆይ፣ ቀንድ አውጣ እግር አለው እንዴ?» ስትል፣ የእንስሳት ሐኪም የሆነች ሌላ ልጅ በቁም ነገር ልታስረዳን ገባች። አለው፣ አንድ ብቻ፣ ሆዱ ሥር ያለው ሰፊ ጡንቻ ራሱ እግሩ ነው። «ስለዚህ በሆዱ ሄዶ ሆዱን ሊሞላ ነው» አለ ሌላው። ከዚያ ቀን ወዲህ ግሩፑ ውስጥ ጠዋት ሲገባ «ደህና አደራችሁ» የሚል ሰው የለም። «ቀንድ አውጣው ቁርሱን በላ?» ነው ሰላምታው። መልሱ «ገና መንገድ ላይ ነው።»

እኔ 30 ጥያቄና አንድ ደብተር ቀልድ ይዤ ያላመጣሁትን ሳቅ ያ ልጅ ሳያስበው አመጣው። ይሄ ትንሽ አናዶኛል፣ አልዋሽም። በኋላ ግን ሮበርት ፕሮቫይን ስለሚባል አሜሪካዊ ተመራማሪ ሳነብ ተጽናናሁ። ሰውዬው ሳቅን ሊያጠና ሰዎችን ቤተ ሙከራ አስገብቶ አስቂኝ ነገር አሳያቸው፤ እምብዛም አልሳቁም። ስለዚህ ከረዳቶቹ ጋር ወጥቶ ሰው በተሰበሰበበት ሁሉ ወሬ ያዳምጥ ጀመር። 1,200 የሳቅ አጋጣሚ መዘገቡ። ከሳቁ በፊት ከተባለው ነገር ቀልድ የሚመስለው ከ10 እስከ 20 በመቶ ብቻ ሆኖ ተገኘ። የቀረው «በሉ በኋላ እንገናኝ» ዓይነት ተራ ወሬ ነው። ሰው ብቻውን ሲሆን ከሚስቀው ከሌሎች ጋር ሲሆን 30 እጥፍ ይስቃል ብሏል።

ስለዚህ ደብተሩን ጣልኩት። የአጫዋች ሥራ ሰው ማሳቅ አይደለም። ሰው ሳያፍር የሚሳሳትበት ቦታ ማዘጋጀት ነው። ይሄ ደግሞ ከማሳቅ ይከብዳል፤ ቻት ላይ ሲሆን በጣም ይከብዳል፤ ምክንያቱም ፊት አይታይም።

የሰውን ሳቅ ከፊደል ማንበብ ራሱን የቻለ ሙያ ነው። «ሃሃ» ብቻውን ከመጣ ይሉኝታ ነው። «ሃሃሃሃ» ከሆነ ተስፋ አለ። «ኪኪኪኪሂክኪ» ብሎ መሀሉ ላይ የማይገባ ፊደል የቀላቀለ ሰው ግን በእውነት እየሳቀ ነው፣ ጣቱ ስቶበታል። ሦስት የሚያለቅስ ሳቂታ ኢሞጂ ልኮ ፊቱ ቅጭም ያለ ሰው ስንት ይሆን? ችግሩ ከጥንት የመጣ ነው። እ.ኤ.አ. በ1982 ካርኔጊ ሜለን ዩኒቨርሲቲ ውስጥ በኮምፒውተር መልእክት የሚለዋወጡ ሰዎች ስለ አሳንሰር የቀለዱት ቀልድ እንደ እውነተኛ ማስጠንቀቂያ ተወሰደ። ያኔ ስኮት ፋልማን የሚባለው ባልደረባቸው ቀልድን የሚለይ ምልክት እናድርግ ብሎ ሁለት ነጥብ፣ ሰረዝና ቅንፍ አቀረበ። አንገትህን ወደ ጎን ዘንበል አድርገህ የምታየው ፈገግታ ማለት ነው። ከ40 ዓመት በላይ ሆነው፣ እኛ አሁንም «እየቀለድኩ ነው እኮ» እያልን ነው።

ከሁሉም ጨዋታ የምወደው የቃላት ቅብብሎሽን ነው። ሕጉ ለማንም ይገባል፤ የቃሉ የመጨረሻ ፊደል ለሚቀጥለው መጀመሪያ ይሆናል። ብርሃን፣ ንስር፣ ርግብ፣ ብርድ፣ ድመት፣ ትራስ። ተራው የደረሰው ሰው በ30 ሰከንድ ካልመለሰ ይወጣል። ይሄን ሕግ ለጥፌ ኮርቼ ተቀመጥኩ።

ግሩፑ ውስጥ ሁላችንም «ጋሼ» የምንላቸው ጡረታ የወጡ መምህር አሉ። እስከዚያ ቀን ድረስ ጨዋታ ላይ ገብተው አያውቁም። ተራቸው ሲደርስ «ሠራተኛ» ብለው ጻፉ።

ቀጣዩ ሰው በ«ኛ» የሚጀምር ቃል ሊፈልግ ሄደ። እስኪ እናንተም ፈልጉ፣ እጠብቃለሁ።

30 ሰከንድ አለቀ፣ ወጣ። ተራው ዞሮ ጋሼ ጋ ሲደርስ «መንገደኛ»። ሌላ ሰው ወጣ። ሲዞር «ዕድለኛ»። ተራ በተራ፣ ድምፅ ሳያሰሙ፣ እንደ አረም ነቀሉን። እንዴት እንደሆነ አላውቅም፣ ማንም ምንም ፊደል ቢያቀብላቸው በ«ኛ» የሚያልቅ ቃል ከኪሳቸው ያወጣሉ።

«ጋሼ፣ ኧረ ይሄ ግፍ ነው!» አልኳቸው።

«ልጄ፣ ሕጉን ያወጣሽው አንቺ ነሽ» አሉኝ።

በመጨረሻ ሁለት ሰው ቀረ። ጋሼና ስሙን በቀንድ አውጣ ምስል የቀየረው ያ የቁርሱ ልጅ። ጋሼ «ምርኮኛ» ብለው ጻፉ። እኛ ሰከንድ እየቆጠርን ነው። 22፣ 23፣ 24። ልጁ ጻፈ፦ «ኛው»።

«ምንድን ነው ኛው?» ተባለ።

«ድመት ስትጮህ የምትለው ነዋ።»

ጦርነት ተነሳ። አንዱ ድመት የምትናገረው አማርኛ አይደለም አለ። ሌላው ታዲያ ምንኛ ነው አለ። አንዷ የድምፅ መልእክት ላከች፤ ስከፍተው የራሷ ድመት ናት፣ በግልጽ «ኛው» ትላለች። ማስረጃ ቀረበ ማለት ነው። እኔ ዳኛ ነኝ፣ ምን እንደምወስን ግን ጨነቀኝ። ይሄን ሁሉ ስንነታረክ ጋሼ ክርክሩ ውስጥ አልገቡም። ዝም ብለው ተራቸውን ተጫወቱ፦

«ውሻ።»

እዚህ ላይ ስልኬን ጥዬ ነው የሳቅኩት። ድመቷን ውሻ አስነሥተው አባረሯት! ልጁ «ሻ» ላይ ተንተባትቦ ሰዓቱ አለቀበት። በማግስቱ በ«ኛ»ና በ«ኝ» የሚያልቅ ቃል ይከልከል ወይ ብለን ድምፅ ሰጠን። 41 ለ9 ተከለከለ። ጋሼ ተቃውመው ድምፅ ከሰጡት ዘጠኝ አንዱ ናቸው፣ በኩራት ነግረውናል።

አንድ ፕሮግራመር ልጅ ደግሞ «አንቺ ለምን ትደክሚያለሽ፣ ቦት ልሥራልሽ» አለኝ። ጥያቄ የሚጠይቅ፣ መልስ የሚያርም፣ ነጥብ የሚይዝ። የመጀመሪያ ጥያቄው «ምድር በምን ዙሪያ ትዞራለች?» የሚል ነበር። ሰው ተንጋጋ። «ፀሀይ»፣ ስህተት። «ጸሐይ»፣ ስህተት። «ጸሀይ»፣ ስህተት። «ፀሃይ»፣ ስህተት። ቦቱ አንድ አጻጻፍ ብቻ ነው የተነገረው፣ ከዚያች ውልፍት አይልም። ቁጭ ብዬ ቆጠርኩት። መጀመሪያው ላይ ሁለት ዓይነት ጸ፣ መሀሉ ላይ ሀ፣ ሃ፣ ሐ፣ ሓ፣ ኀ፣ ኃ። ሁለት ጊዜ ስድስት፣ 12 ዓይነት ፀሐይ አለን። አንዱ ታግሶ ታግሶ «እሺ በቃ፣ ምድር በጨረቃ ዙሪያ ትዞራለች፣ ደስ ይበልህ» ብሎ ወጣ።

ልጁ በማግስቱ ቦቱን አስተካከለው። መልሱን ከማመሳከሩ በፊት ተመሳሳይ ድምፅ ያላቸውን ፊደላት ሁሉ ወደ አንድ ይለውጣቸዋል፤ ሐም ኀም ሀ ይሆናሉ፣ ሠ ሰ ይሆናል፣ ዐ አ ይሆናል። ሁሉም ሰው አጨበጨበ፣ ከጋሼ በቀር። «ፀሐይ የሚጻፈው በፀሐዩ ‹ፀ› እና በሐመሩ ‹ሐ› ነው። ከመካከላችሁ ትክክል የነበረው ቦቱ ብቻ ነው» ብለው ጽፈው ተኙ።

ቦቱን አሁንም አልፎ አልፎ እንጠቀምበታለን። ያን ያህል ግን አልወደውም። ቦት ነጥብ ይቆጥራል እንጂ አይነታረክም፤ የግሩፕ ጨዋታ ግማሹ ደግሞ ንትርክ ነው። ከመሣሪያዎቹ ውስጥ በእውነት የጠቀመኝ ስሎው ሞድ ነው። ቴሌግራም እ.ኤ.አ. በ2019 ያመጣው ነገር ነው፤ አንድ ሰው አንዴ ከጻፈ በኋላ የተወሰነ ጊዜ ሳይቆይ ድጋሚ መጻፍ አይችልም። ከዚያ በፊት ጣቱ የፈጠነ ሰው ነበር የሚያሸንፈው። አንዱ በአንድ ትንፋሽ 15 ግምት ይወረውራል፣ አንዱ መምታቱ አይቀርም። 30 ሰከንድ ላይ ሳደርገው ሰው ማሰብ ጀመረ። ሃያ ጥያቄ ስንጫወትማ በጣም ይረዳል። በ20 የአዎና የአይደለም መልስ 1,048,576 ነገሮችን መለየት ይቻላል፣ ሒሳቡ ሁለትን 20 ጊዜ ማባዛት ነው። ሆኖም የመጀመሪያ ጥያቄው «ድመት ነው?» የሆነ ሰው አለን። በየሳምንቱ። አንድ ቀን ድመት ይሆናል ብሎ እየጠበቀ ነው።

ዝም ያሉትን የሚያወጣ ሌላ ጨዋታ አለ። እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ ፓሪስ የነበሩ ሱሪያሊስቶች ወረቀት እያጠፉ ይጫወቱት ነበር፤ እያንዳንዱ ሰው የሌላውን ሳያይ የራሱን ቃል ይጨምርበታል። ቻት ላይ ወረቀት ማጠፍ የለም፣ ስለዚህ በውስጥ መስመር ይልኩልኛል። ለአንዱ «ማን?» እለዋለሁ። ለሌላው «ከማን ጋር?» ለሌላው «የት?» «ምን ሲያደርጉ ተያዙ?» «ምን ብለው አመካኙ?» ከዚያ ገጣጥሜ እለጥፈዋለሁ። የመጀመሪያው ዙር ይሄን ወለደ፦ «ዓይን አፋር ጉማሬ ከአሳንሰር ጠጋኝ ጋር ጨረቃ ላይ ጥፍራቸውን ሲቆርጡ ተያዙ፤ «ደረሰኝ አለን» ብለውም አመካኙ።» «ደረሰኝ አለን» ያለችው ልጅ ግሩፑ ውስጥ ስምንት ወር ስትቆይ አንድም ነገር ጽፋ አታውቅም ነበር። የድረ ገጽ አጠቃቀም ተመራማሪው ያኮብ ኒልሰን እ.ኤ.አ. በ2006 እንደጻፈው ኦንላይን ከተሰበሰበ 100 ሰው 90ው ተመልካች ብቻ ነው፣ ዘጠኙ አልፎ አልፎ ይጽፋል፣ አብዛኛውን የሚያወራው አንድ ሰው ነው። እኔ ያ አንዱ ሰው ነኝ፤ ሌሎቹ ምን እንደሚሰማቸው ለመረዳት ጊዜ ወስዶብኛል።

በጣም ጊዜ የወሰደብኝ አንድ ዓርብ ላይ ነው።

«ማን ነው?» የሚል ጨዋታ ነበረን። በፖል፣ ማለትም በድምፅ መስጫ ነው። ስልኩን በእጁ ይዞ ስልኩን የሚፈልገው ማን ነው? የሌላውን ልደት የሚያስታውስ፣ የራሱን የሚረሳው ማን ነው? ምርጫዎቹ የግሩፑ ሰዎች ስም ናቸው። ሰው ይስቃል፣ ስሙ ሲጠራ ደስ ይለዋል። ያን ዕለት አንዱ በውስጥ መስመር ጥያቄ ላከልኝ፦ «ከግሩፑ ቢወጣ ማንም ልብ የማይለው ማን ነው?» አንብቤ ሳቅኩ። ለጠፍኩት።

ፖል ያን ጊዜ 10 ምርጫ ነበር የሚፈቅደው። ዘጠኝ ስም ጻፍኩ፣ ሁሉም ቀልድ የሚችሉ፣ የሚመልሱ ሰዎች ናቸው። አሥረኛው ቦታ ባዶ እንዳይሆን ብዬ የአንዲት ዝምተኛ ልጅ ስም ጨመርኩበት። ሌላ ምክንያት አልነበረኝም። ቴሌግራም ላይ ከ2020 ወዲህ ማን ምን እንደመረጠ የሚታይበት ፖል ማድረግ ይቻላል። እኔ ግን የማይታየውን መረጥኩ፣ ነፃ ይሁኑ ብዬ።

31 ሰው እሷን መረጠ።

አንዳቸውም ክፉ ሰው አይደሉም፣ አውቃቸዋለሁ። እያንዳንዱ አንዴ ነካ አድርጎ አለፈ። እሷም «ሃሃሃ» ብላ ሳቂታ ኢሞጂ ላከች። ሳቅ ከፊደል አነባለሁ ስል የነበርኩት ሴት ያንን አላነበብኩትም። ቀጣዩን ጥያቄ ለጠፍኩ።

ከቀናት በኋላ ለሌላ ጨዋታ ስሟን ስፈልግ አጣሁት። ወጥታለች። መቼ እንደወጣች ጠየቅኩ። የሚያውቅ አልነበረም።

ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። በውስጥ መስመር ረጅም ይቅርታ ጻፍኩ፣ አጠፋሁ፣ አሳጥሬ ላክኩ። ከሳምንት በኋላ መለሰች፦ «ኧረ ምንም አይደል፣ ስልኬ ሜሞሪ ሞልቶብኝ ነው።» ሜሞሪ መሙላት የስንቱን ሰው ክብር ሸፍኖ ይሆን። ተመለሺ አላልኳትም፤ እሷም አልተመለሰችም። ያንን ፖል ያጠፋሁት በማግስቱ ነው፣ ግን 31 የሚለው ቁጥር ከዓይኔ አልጠፋም።

ከዚያ ወዲህ ፖል ላይ የሰው ስም አይገባም። የኔ ስም ብቻ ይገባል። «አጫዋቿ ዛሬ ስንት ጊዜ ፊደል ትስታለች?» ይሉኛል፣ ይወራረዳሉ። በየዓርቡ መጀመሪያ የምሳሳተው እኔ ነኝ። አንዳንዴ ሆን ብዬ፣ ብዙ ጊዜ ግን ሆን ብዬ አይደለም። ማንም ሰው ሲፎገር ቢያንስ ሁለተኛ ነው፣ አንደኛዋ ተይዛለች። እኔ ላይ ሙድ መያዝ የተፈቀደ ነው፣ ገደቡም ያው እኔ ላይ ያበቃል። ከ40 ደቂቃ በላይም አላስኬደውም። ገና ሞቅ እንዳለ ስዘጋው ይቆጣሉ፣ እየተቆጡ የሚበተኑ ሰዎች ደግሞ በሚቀጥለው ዓርብ ቀድመው ይመጣሉ።

ባለፈው ወር አንድ ዓርብ ሥራ አመሸሁ። ስልኬም ባትሪ ጨርሶ ነበር። ቤት ገብቼ ቻርጀር ላይ ስሰካው ሰዓቱ ካለፈ ከአንድ ሰዓት በላይ ሆኗል። ግሩፑ ዝም ብሎ፣ ከመካከሉ አንዱ ላፕቶፕ እየፈለገ እንደማገኘው አልተጠራጠርኩም።

214 ያልተነበበ መልእክት ጠበቀኝ።

ያለ እኔ ጀምረውታል። ወደ ላይ እየሳብኩ አነበብኩ። አንዱ መጀመሪያ ላይ «አጫዋቿ የት ገባች?» ብሎ ነበር። «ቁርሷን ልትበላ በእግሯ ሄደች» አለው ያ ቀንድ አውጣ። ከዚያ ስሜን ያነሳ ሰው የለም። «ደረሰኝ አለን» ያለችው ልጅ ዳኛ ሆናለች፣ ታባርራለች፣ ትምራለች፣ ጋሼን ሳይቀር አንዴ አስጠንቅቃለች። አንዲት ያላየኋት አዲስ ልጅ «ዥዋዥዌ» ብላ ጽፋ ቀጣዩን ሰው አስጨንቃዋለች። ትንሽ ከፋኝ። ትንሽ ብቻ።

ታች ስደርስ ዙሩ ገና እየሄደ ነው። የመጨረሻው ቃል «ፍለጋ» ነበር፣ ተራውም ክፍት። ሳላስብ ጣቴ ቀደመኝ፦

«ጋዜጠኛ።»

ሦስት ሰከንድ አልሞላም። ዳኛዋ አባረረችኝ።

«ኧረ አሁን መግባቴ ነው!» አልኩ።

ጋሼ እየጻፉ ነው ይላል። ጻፉ፣ አጠፉ፣ እንደገና ጻፉ።

«ልጄ፣ ሕጉን ያወጣሽው አንቺ ነሽ።»

ስልኩን ከቻርጀሩ ሳልነቅል ወለሉ ላይ ተቀምጬ ሌላ ዙር እስኪጀመር አነበብኩ።